የጋሼ ክላይድን አምፕ ያጸዳሁ ዕለት

ባለፈው ወር ሽርጤን አውልቄ ሚስማሩ ላይ ሰቀልኩና ጡረታ ወጣሁ። ሃያ ስድስት ዓመት ክሊቭላንድ አቬኑ ላይ ባለች አንዲት ጠባብ ሱቅ ውስጥ የጊታር አምፕሊፋየር ስጠግን ኖሬ፣ በመጨረሻው ቀን የተሰጠኝ አንድ ኬክና አንድ ካርድ ነው። ኬኩ ላይ ስሜን አሳስተው ጽፈውታል። ግድ የለም፣ ኬኩ ይጣፍጥ ነበር።

የእድራችን ሴቶች ዛሬም ድረስ ሥራዬ ምን እንደነበር በቅጡ አያውቁም። «ጥሩወርቅ ቴሌቪዥን ትሠራለች» ነው የሚሉት። አንዷማ የተበላሸ የፀጉር ማድረቂያዋን ይዛ ቤተ ክርስቲያን ድረስ መጥታልኛለች። ስንቱን አስረድቼ እዘልቀዋለሁ? ጊታር የሚመታ ሰው ድምፁን የሚያጎላበት ሣጥን አለው፤ አምፕ ይባላል፤ ሲታመም እኔ ጋ ይመጣል፤ አለቀ።

ይህን የምጽፈው ግን እነሱን ላስረዳ ብዬ አይደለም። ሥራውን ያስተማረኝ ሰው ሞቷል። በእሱ ላይ ያጠፋሁትን ጥፋት የምነግረው ሰው አጣሁ። ልጄ ማህሌት «ማሚ፣ ጻፊውና ይውጣልሽ» አለችኝ፣ እንደ ልማዷ በእንግሊዝኛ። እሺ፣ ይኸው።

አሜሪካ፣ ኮሎምበስ የገባሁት ከሱዳን በስደተኛ ወረቀት ነው። መጀመሪያ ያገኘሁት ሥራ ፋብሪካ ውስጥ ትንንሽ የኤሌክትሪክ ሰሌዳ ላይ ሽቦ መበየድ ነበር። ስምንት ሰዓት ሙሉ ቁጭ ብሎ ያንኑ ነጥብ ደጋግሞ መበየድ። አሰልቺ ነው፣ እጅን ግን ያሠለጥናል። ፋብሪካው ሲዘጋ ሁላችንንም ሌይኦፍ አደረጉን። ሥራ ፍለጋ ስዞር ክሊቭላንድ አቬኑ ላይ ከአውቶቡስ እንደወረድኩ አንድ የሱቅ መስኮት ላይ «ብየዳ የሚችል ሰው እንፈልጋለን» የሚል ወረቀት አየሁ። ገባሁ።

ውስጥ አንድ ረጅም፣ ቀጭን፣ ጥቁር አሜሪካዊ ሽማግሌ ጠረጴዛ ላይ አቀርቅሯል። ሱቁ የእሱ አልነበረም፤ ባለቤቱ ሌላ ነው፣ ከፊት ሆኖ ደንበኛ የሚቀበል ችኩል ሰውዬ። ሽማግሌው ዋናው ጠጋኝ ነው። ስሙ ክላይድ። የት እንደሠራሁም አልጠየቀኝ፣ መበየጃውን ሰጠኝና አንድ የተበጠሰ ሽቦ አሳየኝ። በየድኩለት። ብየዳዬን አላየውም፤ የሚያየው ግራ እጄን ነው።

«ያንን እጅሽን ኪስሽ ውስጥ ክተቺ» አለኝ።

«ለምን?»

«እነዚህ አሮጌ ሣጥኖች ከሶኬት ከተነቀሉም በኋላ ኤሌክትሪክ ይይዛሉ። በሁለት እጅ ከነካሻቸው በአንዱ ገብቶ በሌላው ይወጣል፣ መሐል ላይ ያለው ደግሞ ልብሽ ነው። አንድ እጅ ብቻ ከሆነ ነዝሮሽ ይለቅሻል።»

በማግሥቱ ሥራ ጀመርኩ። ደሞዙ ከፋብሪካው ትንሽ ያንስ ነበር፣ ኢንሹራንስ ግን ነበረው። እስከ ዛሬ ሽንኩርት ስከትፍ እንኳ ግራ እጄ ወደ ሽርጤ ኪስ ይሄድብኛል፤ ማህሌት ትስቅብኛለች።

በመጀመሪያው ሳምንት «ክላይድ በይኝ» አለኝ። በአባቴ ዕድሜ ያለን ሰው በባዶ ስሙ ልጥራው? አፌ እምቢ አለኝ። «ጋሼ» አልኩት። ምን ማለት እንደሆነ ጠየቀኝ። «የተከበረ ታላቅ ወንድም» አልኩት። ሰው እዚህ ላይ «ኦ፣ ደስ ይላል» ብሎ ያልፈዋል። እሱ ግን መነጽሩን አወለቀና «ታላቅ ወንድም ከሆንኩ ግዴታዬ ምንድን ነው?» አለኝ። እንዲህ ብሎ የጠየቀኝ ሰው ኖሮ አያውቅም። ከአፌ የወጣውን አልኩት፤ «ታናሽ እህቱን በሰው ፊት አያሳፍራትም።» ጭንቅላቱን ነቀነቀና ወደ ሥራው ተመለሰ። ያቺ መልሴ አንድ ቀን ጉድ እንደምታፈላብኝ በምን ልወቅ?

ጋሼ ክላይድ አንድ ትልቅ ሕግ ነበረው፤ ሳትሰሚ አትክፈቺ። አምፕ ሲመጣ ባለቤቱ ጊታሩን ይዞ ይቀመጥና አንድ ዘፈን እስከ መጨረሻው ይጫወታል። አጋምሶ አይደለም፣ እስከ መጨረሻው። ባለ ሱቁ በዚህ ይናደድ ነበር፤ ከኋላ ደንበኛ ተሰልፏላ። ጋሼ ደንታም አልነበረው። ዓይኑን ጨፍኖ ይሰማል። ከዚያ አፍንጫውን ሣጥኑ ጀርባ አስገብቶ ያሸታል፤ የተቃጠለውን ከአቧራው በጠረኑ ይለየዋል። ከዚያ በቻይና ምግብ መብያ እንጨት ድምፁን የሚያጎሉትን የመስታወት መብራቶች አንድ በአንድ መታ መታ ያደርጋል፤ የታመመው ሲነካ ይጮኻል። ይህ ሁሉ እስኪያልቅ አንድም ብሎን አይፈታም።

ሌላም አመል ነበረው። አምፑ ላይ በምናስረው የሥራ ካርድ ላይ የሚጻፈው ደንበኛው ያለው ቃል ነው። አንድ ጊዜ «የድምፅ መቆራረጥ» ብዬ ብጽፍ ካርዱን ቀደደው። «ሰውየው እንደዚያ ነው ያለሽ?» «አይ፣ ውሃ ጠምቶት እንደሚያስል ሰው ይሆናል ነው ያለኝ።» «እሱን ጻፊያ! መቆራረጡን እኛ እናውቀዋለን። ሳሉን የሚያውቀው እሱ ነው።»

አንድ ፓስተር የኦርጋናቸው አምፕ በየእሑዱ እንደሚያጓራ ነገሩን። ሱቅ ሲመጣ ምንም የለውም። ሦስት ጊዜ መጣ፣ ሦስት ጊዜ ደህና ነው። እኔ ሰውየው ያበዙታል ብዬ ነበር። ጋሼ ክላይድ መኪናው ውስጥ አስገባኝና እሑድ ጠዋት ቤተ ክርስቲያናቸው ሄድን። ቅዳሴዬን አስቀርቶ፣ ልብ በሉ! ለካስ ከግድግዳው ወዲያ ያለው የኩሽናው ፍሪጅ ከአምፑ ጋር አንድ መስመር ላይ ነው። ፍሪጁ ሲነሣ አምፑ ያጓራል። «የሚጮኸው ሁሉ በሽተኛ አይደለም» አለኝ ስንመለስ። ሰምቻለሁ አልኩ። አልሰማሁም ነበር።

እስካሁን ጠጋኙን ነው የነገርኳችሁ። ጋሼ ክላይድ ግን ከልጅነቱ ጀምሮ የብሉዝ ተጫዋች ነው። በወጣትነቱ በየከተማው ዞሯል። እኔ ሳውቀው በየእሑዱ ከሰዓት በኋላ ኢስትሙር ሰፈር አጠገብ ባለ የጡረተኞች ማኅበር አዳራሽ ይጫወት ነበር። ከቅዳሴ በቀጥታ ነጠላዬን እንደለበስኩ እሄዳለሁ። በሁዳዴ የሚጠበሰው ዶሮ ሽታ ፈተና ነው፤ ቢሆንም አልቀርም።

ሰዎች ብሉዝና ትዝታ አንድ ነው እያሉ ያደርቁኛል። እኔ አንድ ይሁን ሁለት አላውቅም፣ ዘፋኝ አይደለሁም። የማውቀው የእሱን አምፕ ነው። ቡናማ፣ ጥጉ የተላላጠ፣ ለአርባ ዓመት ማንም እንዲከፍተው ያልፈቀደው ሣጥን። ወፍራሙን ክር ሲመታ መጀመሪያ ጊታሩ ይናገራል፤ ከሥሩ ደግሞ ሌላ ሻካራ ድምፅ ይነሣል፣ ልክ ከጓዳ ሆኖ የሚመልስለት ሰው ያለ ይመስል። ያን ጊዜ አዳራሹ ውስጥ ያሉት አሮጊቶች እጃቸውን አንሥተው «ንገሪው! ንገሪው!» ይላሉ። ለማን እንደሚሉ አይገባኝም ነበር። እኔም ዝም ብዬ አብሬያቸው ጮህኩ።

ሸክላም ሆነ ካሴት አልነበረውም። «ልቅረጽህ» ያሉትን ሁሉ መልሷቸዋል። «የሰማ ሰማ» ነበር መልሱ። አንድ የሙዚቃ አስተማሪ፣ ክሊንተንቪል የሚኖር ደግ ሰውዬ፣ በየዓመቱ ይለምነው ነበር።

ከዚያ ጋሼ ክላይድን ልቡን አመመውና ሆስፒታል ገባ። ደረቱን ከፍተው ቀዶ ሕክምና አደረጉለት። ሄጄ ስጠይቀው ሎሬታ፣ አንድያ ልጁ፣ አልጋው አጠገብ ነበረች። ደክሟል። «ያንን አስተማሪ እሺ ብዬዋለሁ» አለኝ። «ስወጣ ይቀርጸኛል። መቼስ አንድ ቀን መሞቴ አይቀርም፣ ለሎሬታ ልጆች ድምፄ ይቆይላቸው።»

እዚህ ላይ ነው እንግዲህ የእኛ ነገር የመጣው። በእኛ አገር በሽተኛ ከሆስፒታል ሲወጣ ምን ይደረጋል? ቤቱ ይጠረጋል፣ አንሶላው ይታጠባል፣ ያረጀው ይለወጣል፣ ሰውየው ንጹሕ ቤት ይገባል። አይጠየቅም። «ቤትህን ልጥረግልህ ወይ?» ብሎ በሽተኛን መጠየቅ ነውር ነው፤ አይ ተይ ይልሻላ። ዝም ብለሽ ትሠሪያለሽ። የእሱን ቤት ሎሬታ አጽድታዋለች። እኔ ምን ላድርግለት? አምፑ ሱቅ ውስጥ ነው ያለው፣ ከመታመሙ በፊት ጨርቅ አልብሶ ጥግ አስቀምጦታል።

ሐሙስና ዓርብ ሠራሁት። እንደዚያ ተጠንቅቄ ሠርቼ አላውቅም። ግራ እጄን ኪሴ አድርጌ ከፈትኩ። ያበጡትን ካፓሲተሮች፣ ኤሌክትሪክ የሚያጠራቅሙትን፣ ለወጥኩ። የፊቱን ጨርቅ በለስላሳ ሳሙና አጠብኩ። ወደ ስፒከሩ ስመጣ አፈርኩ፤ እየተንቀጠቀጠ ድምፅ የሚያወጣው ወረቀቱ ጣት የሚያህል ተቀዷል! የመምህሬ ዕቃ፣ በዚህች ከተማ የስንቱን አምፕ ያዳነ ሰው፣ የራሱ እንዲህ ተቀዶ? የቅዳዱ ሁለት ጫፍ ላይ ደግሞ ቀይ የጥፍር ቀለም ጠብ ጠብ ተደርጎበታል። «የትኛው ግዴለሽ ነው እንዲህ የለቀለቀው?» ብዬ ብቻዬን ተቆጣሁ። አሮጌውን ሙጫ አሟሟሁ፣ ወረቀቱን ገፍፌ አነሣሁ፣ ብረቱን እስኪያበራ አጸዳሁ፣ አዲሱን ወረቀት መሐሉን ጠብቄ አጣበቅሁ። የወለቀውን ቆሻሻ መጣያ ውስጥ ከተትኩት። ማታ ላይ የቆሻሻ መኪናው ወሰደው።

ሕጉንስ? ሳትሰሚ አትክፈቺ የሚለውን? ስንት መቶ እሑድ ሰምቼዋለሁ አልኩ። ምን ቀረኝ?

የቀረጻው ቀን አምፑን ራሴ ይዤ አስተማሪው ቤት ቤዝመንት፣ ምድር ቤቱ ውስጥ፣ ወረድኩ። ሎሬታ፣ አስተማሪው፣ አብሮት የሚጫወተው ከበሮ መቺና ሁለት የአዳራሹ አሮጊቶች ተቀምጠዋል። ጋሼ ክላይድ በሎሬታ ክንድ ተደግፎ ገባ። ጨርቁን ገለጥኩለት። «እንኳን ለዚህ አበቃህ ጋሼ!» አልኩት። የታጠበውን የአምፑን ፊት በጣቱ ዳሰሰው፣ ፈገግ አለ። ተቀመጠ። ወፍራሙን ክር መታ።

ጊታሩ ተናገረ። ከጓዳ የመለሰ ሰው አልነበረም።

ወይ ነዶ! ያኔውኑ ገባኝ። ድምፁ ንጹሕ ነው፣ ከምንጭ እንደተቀዳ ውሃ ንጹሕ ነው፣ ጋሼ ክላይድ ግን ውስጡ የለም። ክሩን ደግሞ መታው። ጆሮውን ወደ ሣጥኑ አዘነበለ፤ ሰው ጠርቶ መልስ ሲያጣ እንደሚያደርገው። አሮጊቶቹ እጃቸውን ለማንሣት ጀምረው መልሰው ጭናቸው ላይ አደረጉት። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ።

«የሠራችው እህቴ ናት» አለ ለሰዎቹ። «እንደ አዲስ አድርጋዋለች። እንጀምር።»

አስተማሪው መሣሪያውን ከፍቶ ነበርና ይህቺ ንግግርም ተቀርጻለች። ሰባት ዘፈን ተጫወተ። ዛሬ ማንም ሰው ኢንተርኔት ላይ ሊሰማው ይችላል፤ ብዙ ሰው ይወደዋል አሉ። ከእሱ የቀረው ሰባቱ ብቻ ነው። ሰባቱም በእኔ ድምፅ ነው የተቀረጹት እንጂ በእሱ አይደለም።

ሦስት ሳምንት ነገሩን ሳናነሣው አለፈ። ጋሼ ሥራ ተመልሷል፣ ግማሽ ቀን እየገባ። ምሳ አብረን እንበላለን፣ ስለ አየሩ እናወራለን። እንቅልፍ አጣሁ። በመጨረሻ አንድ ምሳ ሰዓት ሳንዱቹን ገና ሳይገምጥ «ጋሼ፣ አጥፍቻለሁ አይደል?» አልኩት።

ሳንዱቹን አስቀመጠ። ያን ቀን የሚስቱን ነገር ነገረኝ። ዶሊ ትባላለች፤ እኔ ከመምጣቴ በፊት የሞተች ናት። ሎሬታ ስትወለድ እሱ ሌላ ከተማ እየተጫወተ ነበር። ነገ እመጣለሁ፣ ነገ እመጣለሁ እያለ በአራተኛው ቀን መጣ። ዶሊ ሕፃኗን አልጋ ላይ አስተኛችና በጫማዋ ተረከዝ የአምፑን ስፒከር ከጀርባው በኩል ቀደደችው። እሱም ጥፋቱን ያውቃልና ቁጭ ብሎ ምን ያህል እንደተጎዳ ሊሞክረው ክሩን መታ። ያ ሻካራ ድምፅ ወጣ። ዶሊ ከጓዳ ሆና ሳቋን መቆጣጠር አቃታት። የጥፍር ቀለሟን ይዛ መጣችና ቅዳዱ እንዳይሰፋ ጫፍና ጫፉን ቀባችው። «የተናደድኩት እስከዚህ ብቻ ነው» አለችው።

«ከሞተችም በኋላ ያቺን ክር ስነካ ትመልስልኝ ነበር» አለኝ።

አሮጊቶቹ «ንገሪው» የሚሉት ለማን እንደነበር ያን ጊዜ ገባኝ። የዶሊ ጓደኞች ነበሩ። አለቀስኩ፤ ሳንዱቹ ላይ ተደፍቼ አለቀስኩ።

«ለምን ዝም አልክ? ቀረጻውን አስቁም፣ ተቆጣኝ፣ አንድ ነገር በል እንጂ!»

«ቤቱ ውስጥ ሰው ነበር» አለኝ። «ታላቅ ወንድም በሰው ፊት አያሳፍርም ያልሽኝ አንቺ አይደለሽም?»

ይኸው፣ ጉድ አፈላችብኝ ያልኳችሁ መልስ። ያንን ቃል ከአፌ ባላወጣሁት ኖሮ እላለሁ እስከ ዛሬ።

«በምላጭ ልቅደደው» አልኩት። «ልኩን አውቀዋለሁ፣ ቦታውንም አውቀዋለሁ።» ሳቀ፤ ቁስሉ እያመመው ደረቱን ይዞ ሳቀ። «እህቴ፣ ምላጭ አይሆንም። ያንን ድምፅ ከልቧ የተናደደች ሴት ናት የምታወጣው። ጠብቂ፣ አንድ ቀን አንቺም አናድድሽ ይሆናል።»

አላናደደኝም። ከዚያ በኋላ ሁለት ዓመት ኖረ። እሑድ እሑድ በዚያው ንጹሕ አምፕ ተጫወተ፤ ወፍራሙን ክር ግን ብዙ አይነካውም ነበር። ባለፈው ክረምት ተኝቶ ሳለ አረፈ። ቀብሩ ላይ ቀረጻውን ከፈቱት። ሰው ሁሉ አለቀሰ፣ እኔ ጆሮዬን ይዤ ወጣሁ።

ጡረታ ልወጣ አምስት ቀን ሲቀረኝ ሎሬታ ኮል አደረገችልኝ። «አባዬ ለአንቺ ይሰጥ ብሏል» አለችና አምፑን ሱቅ ድረስ አመጣችው። እጀታው ላይ የእኛው የሥራ ካርድ ታስሯል፤ ደንበኛው ያለው ቃል በሚጻፍበት ቦታ በእሱ እጅ ጽሑፍ «ጸጥ ብሏል» ይላል።

የመጨረሻ ቀኔ፣ ኬኩ ተበልቶ ሁሉም ወደ ምሳ ሲወጣ፣ ብቻዬን ቀረሁ። አምፑን ሰካሁት። የሱቁን መሞከሪያ ጊታር አንሥቼ ወፍራሙን ክር መታሁ፤ ሌላ ነገር መጫወት አልችልም። ንጹሕ። ደግሜ መታሁ። ብነግራችሁ አታምኑኝም፣ ያንን ሻካራ ድምፅ እንደ ሰው ነው የምናፍቀው። እሱ የለም፣ እሷ የለችም፣ አሮጊቶቹም አንድ በአንድ አልቀዋል። ድምፁን ከነልኩ የያዘው የቀረው ጆሮ የእኔ ነው፣ ከጆሮ ደግሞ ቀድቶ ለሰው ማሰማት አይቻልም።

እንግዲህ ልናደድ አልኩ። ለምን ዝም አልከኝ? ለምን አንድ ቀን እንኳ አልጮህክብኝም? ብለህ ብለህ አምፑን ለእኔ ተውክልኝ? እግሬን አነሣሁ፣ በዚያ ወፍራም የሥራ ጫማዬ። ከልቤ ልናደድበት ሞከርኩ። የታየኝ ግን ሳንዱቹን አስቀምጦ፣ ደረቱን ይዞ ሲስቅ ነው። ምን ብዬ ልርገጠው? ቁጣ ቢሆን ኖሮ ይቀደው ነበር። ያለኝ ግን ናፍቆት ብቻ ነው። እግሬን መሬት አደረግሁ። ሽርጤን ሰቀልኩ።

ማህሌት ልትወስደኝ መጣች። አምፑን ተጋግዘን መኪናው ውስጥ ስንጭን ቆም አለችና ሣጥኑን አየችው።

«ይሠራል ማሚ?» አለችኝ።

«ይሠራል» አልኳት። «ችግሩም እሱ ነው።»